ለዊንዶውስ የተሠራ ጌም ሊኑክስና ማክ ላይ እንዴት ይሠራል?

ማይክሮሶፍት ለዊንዶውስ 10 ሲሰጥ የቆየውን መደበኛ ድጋፍ ኦክቶበር 14 ቀን 2025 አቋርጧል (እዚህ የሚጠቀሱት ዓመቶች ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው)። ዊንዶውስ 11 ደግሞ ቲፒኤም 2.0 የሚባል የደኅንነት ቺፕ ይፈልጋል፤ ከኢንቴል ፕሮሰሰሮችም በጥቅሉ 8ኛ ትውልድና ከዚያ ወዲህ ያሉትን ብቻ ነው የሚቀበለው። ያገለገለ ላፕቶፕ ገዝቶ የሚጠቀም ሰው፣ እኛ አገር ደግሞ ይህ ብዙ ሰው ነው፣ ማሽኑ ደህና እየሠራ ከመስፈርቱ ውጭ ሆኖ ያገኘዋል። በዊንዶውስ ፋንታ ሊኑክስ የተባለውን ኦፕሬቲንግ ሲስተም ልጫንበት ብሎ ሲያስብ ታዲያ ወዲያው የሚመጣው ጥያቄ «ጌሞቼስ?» የሚል ነው።

ከአሥር ዓመት በፊት የዚህ ጥያቄ መልስ «ተዋቸው» ነበር። ዛሬ ግን ለዊንዶውስ ብቻ ከተሠሩት ጌሞች እጅግ ብዙዎቹ፣ ሠሪዎቻቸው አንዲት መስመር ኮድ ሳይቀይሩ፣ ሊኑክስ ላይ ይሠራሉ። ይህን ያመጣው በጌሙና በግራፊክስ ካርዱ መካከል ገብቶ የአንዱን ትእዛዝ ሌላው ወደሚገባው ቋንቋ የሚመልስ የሶፍትዌር ዓይነት ነው። የግራፊክስ ተርጓሚ እንበለው። ስለ እሱ የሚወራው ግማሹ ስህተት በመሆኑ፣ ከሥሩ ጀምሮ ማየቱ ይሻላል።

ጌም ለምን በአንድ ሲስተም ታጥሮ ይቀራል?

ጌም ሦስት ነገሮች ላይ ይደገፋል። አንዱ ፕሮሰሰሩ ነው፤ ኮዱ የተዘጋጀው ለአንድ ዓይነት ፕሮሰሰር ስለሆነ። ሌላው ኦፕሬቲንግ ሲስተሙ ነው፤ ፋይል ክፈትልኝ፣ ድምፅ አሰማልኝ፣ ኪቦርዱ ላይ ምን ተነካ እያለ የሚጠይቀው እሱን ነው። ሦስተኛውና ለእኛ ጉዳይ ዋነኛው ግራፊክስ ካርዱ ነው።

ጌሙ ካርዱን በቀጥታ አያናግረውም። የኤንቪዲያ፣ የኤኤምዲ እና የኢንቴል ካርዶች ውስጣቸው ፈጽሞ የተለያየ ስለሆነ፣ ጌም ሠሪ ለእያንዳንዱ ለየብቻ ልጻፍ ቢል አይዘልቀውም። ስለዚህ መካከል ላይ ኤፒአይ የሚባል ነገር አለ። ኤፒአይ ማለት አንድ ፕሮግራም ሌላውን ምን ምን መጠየቅ እንደሚችል፣ በምን ስምና በምን ቅደም ተከተል እንደሚጠይቅ የሚደነግግ የትእዛዞች ዝርዝር ነው። ጌሙ በዚህ ዝርዝር መሠረት ያዝዛል፤ የካርዱ አምራች የሚያቀርበው ድራይቨር ደግሞ ትእዛዙን ካርዱ ወደሚገባው ቋንቋ ያወርደዋል።

ችግሩ ዝርዝሩ አንድ አለመሆኑ ነው። ኦፕንጂኤል በ1992 ወጣ፤ በየትኛውም ሲስተም እንዲሠራ የታሰበ ነበር። ማይክሮሶፍት በ1996 ዳይሬክት3ዲን አመጣ። ይህ የዳይሬክትኤክስ አካል ሲሆን የሚሠራው ዊንዶውስና ኤክስቦክስ ላይ ነው። አፕል በ2014 ሜታልን ለአይፎን፣ በማግሥቱ ዓመት ለማክ አወጣ። በ2016 ክሮኖስ የተባለው የኩባንያዎች ኅብረት ቩልካንን ይፋ አደረገ። የኮምፒውተር ጌም ገበያ በዊንዶውስ የተያዘ ስለነበር አብዛኛው ጌም የተጻፈው በዳይሬክት3ዲ ነው። ሊኑክስ ዳይሬክት3ዲን አያውቅም፤ ማክም አያውቅም። አጥሩ ይሄ ነው።

ይሄ ኢሙሌተር አይደለም እንዴ?

አይደለም፤ ልዩነቱን መያዝ የቀረውን ሁሉ ያቀላል። ኢሙሌተር የሌላ ማሽንን ሃርድዌር በሶፍትዌር ያስመስላል። የፕሌይስቴሽን 2 ጌም ኮምፒውተር ላይ ሲጫወቱ፣ ኮምፒውተሩ የፕሌይስቴሽኑን ፕሮሰሰር እየሆነ ነው የሚሠራው። ይህ ከባድ ሥራ ነው።

ሊኑክስ የጫኑበት ላፕቶፕ ግን ትናንት ዊንዶውስ ሲሠራበት የነበረው ያው ላፕቶፕ ነው። ፕሮሰሰሩ ያው፣ ካርዱም ያው። የጌሙ ኮድ ያለ ምንም ማስመሰል በቀጥታ ፕሮሰሰሩ ላይ ይሮጣል። የሚጎድለው መልስ ሰጪው ብቻ ነው፤ ጌሙ «ዊንዶውስ ሆይ፣ ይህን ፋይል ክፈትልኝ» ሲል የሚሰማው የለም። ዋይን የተባለው ፕሮጀክት ይህን ክፍተት ለመሙላት በ1993 ተጀመረ። የዊንዶውስን ጥያቄዎች ተቀብሎ በሊኑክስ መንገድ ይፈጽማቸዋል። የመጀመሪያው ሙሉ እትም 1.0 የወጣው በ2008 ነው፤ 15 ዓመት የፈጀ ሥራ። ዛሬ የምናየው ሁሉ የቆመው በዚህ ትከሻ ላይ መሆኑ ብዙ ጊዜ አይነገርም፤ ሊነገር ይገባል።

ዋይን ፋይሉንም ድምፁንም መስኮቱንም ተወጣው። የከበደው ሥዕሉ ነበር።

ግራፊክሱ ለምን ያን ያህል አስቸገረ?

ዋይን መጀመሪያ የሄደበት መንገድ ዳይሬክት3ዲን ወደ ኦፕንጂኤል መመለስ ነበር። በሊኑክስ ላይ ያኔ ሌላ ምርጫም አልነበረም። ለቆዩ ጌሞች በቂ ቢሆንም፣ ዳይሬክት3ዲ 11 በ2009 መጥቶ ጌሞቹ እየገዘፉ ሲሄዱ መንገዱ ጠበበ። ሁለቱ ኤፒአይዎች ለድራይቨሩ ብዙ ነገር ይተዋሉ፤ የሚተዉለት ነገር ግን አንድ ዓይነት አይደለም። የአንዱን ልማድ በሌላው ልማድ ላይ ሲጭኑት ሥራው ይደራረባል፣ ፍጥነቱ ይወርዳል፣ አንዳንዱ ትእዛዝ ደግሞ ጭራሽ አቻ አይገኝለትም።

ቩልካን ይህን የቀየረው ለድራይቨሩ የሚተወውን ነገር በመቀነሱ ነው። በዳይሬክት3ዲ 11 ማዘዝ ልምድ ላላት የድግስ ወጥ ሠሪ «ለሁለት መቶ ሰው ዶሮ ወጥ ይድረስልን» ብሎ እንደመሄድ ነው፤ ሽንኩርቱ መቼ እንደሚገባ፣ የትኛው ምድጃ መቼ እንደሚለቀቅ፣ ድስቱን ማን እንደሚያጥብ እሷ ታውቃለች። ቩልካን ውስጥ ግን ማንም በራሱ የሚያውቀው ነገር የለም፤ እሳቱ የሚነድበትን፣ ድስቱ የሚጣድበትን፣ አንዱ ሥራ ሌላውን የሚጠብቅበትን ሰዓት አዛዡ አንድ በአንድ መናገር አለበት።

ለጌም ሠሪ ይህ አድካሚ ነው። ለተርጓሚ ግን ትልቅ ዕድል ነው። ዳይሬክት3ዲ በዊንዶውስ ላይ የሚያሳየውን ጠባይ ምንም ሳይጎድልበት ከእነዚህ ጥቃቅን ትእዛዞች መልሶ መገንባት ይችላል፤ የሌላ ድራይቨር ልማድ መሐል ገብቶ አያደናቅፈውም።

ማን ሠራው?

ፊሊፕ ሬቦሌ የተባለ ጀርመናዊ ፕሮግራመር ኒየር ኦቶማታ የተባለውን ጌም ሊኑክስ ላይ መጫወት ፈለገ። ጌሙ በዳይሬክት3ዲ 11 የተሠራ ስለነበር በዋይን አልሆን አለው። በ2017 መጨረሻ ዳይሬክት3ዲ 11ን ወደ ቩልካን የሚመልስ ፕሮግራም መጻፍ ጀመረ፤ ስሙን ዲኤክስቪኬ አለው። ትልቅ ኩባንያ ያዘዘው ሥራ አልነበረም። ኮዱንም ማንም ወስዶ እንዲጠቀምበት ክፍት አድርጎ ለቀቀው።

ጌም የሚሸጥበትና የሚወርድበት የኢንተርኔት መደብር የስቲም ባለቤት የሆነው ቫልቭ ነገሩን ቶሎ አየው፤ ከፌብሩዋሪ 2018 ጀምሮ ሬቦሌ በቫልቭ ደሞዝ ዲኤክስቪኬን ይሠራ ጀመር። በዚያው ዓመት ኦገስት ቫልቭ ዋይንን፣ ዲኤክስቪኬን እና ሌሎች ማሻሻያዎችን አንድ ላይ አድርጎ ፕሮቶን በሚል ስም ስቲም ውስጥ አስገባው። ተጫዋቹ የሚያየው «ጫን» የሚለውን ቁልፍ ብቻ ሆነ። ዳይሬክት3ዲ 9ን የሚመልሰው ክፍል በሌላ ፕሮግራመር ተሠርቶ በ2019 መጨረሻ ከዲኤክስቪኬ ጋር ተዋሐደ። ለዳይሬክት3ዲ 12 ደግሞ ቪኬዲ3ዲ-ፕሮቶን የሚባል ራሱን የቻለ ተርጓሚ አለ። በፌብሩዋሪ 2022 ለገበያ የቀረበው ስቲም ዴክ፣ በእጅ የሚያዘው የቫልቭ ኮምፒውተር፣ የሚሠራው በሊኑክስ ነው፤ የሚያጫውታቸው አብዛኞቹ ጌሞች ግን የዊንዶውስ ናቸው። ያለ እነዚህ ተርጓሚዎች ዕቃው ባልታሰበም ነበር።

አንድ ፍሬም ውስጥ ምን ይደረጋል?

ፍሬም ማለት ስክሪኑ ላይ እየተከታተለ የሚቀያየረው አንዱ ምስል ነው። በሰከንድ 60 ፍሬም የሚያሳይ ጌም ለአንዱ ፍሬም ያለው ጊዜ 16.6 ሚሊ ሰከንድ ነው። በዚህች ጊዜ ውስጥ በሺህ የሚቆጠሩ ትእዛዞች ይወጣሉ። ከእነሱ አንዲት ትንሽ ጉዳይ እንውሰድ፦ ሐይቅ ላይ የሚታይ የተራራ ነጸብራቅ።

ጌሙ መጀመሪያ የተራራውን ምስል ገልብጦ ጊዜያዊ ሥዕል ላይ ያሥላል። ቀጥሎ ያንን ሥዕል ተጠቅሞ ውሃውን ያሥላል። በዳይሬክት3ዲ 11 ሁለት ትእዛዝ ይበቃል። ግራፊክስ ካርድ ግን ሥራዎችን ጎን ለጎን የሚያስኬድ ዕቃ ነው፤ ካልተከለከለ ተራራው ተሥሎ ሳያልቅ ውሃውን ሊጀምር ይችላል። ያኔ ውሃው ላይ የሚታየው ግማሽ ተራራ ወይም ያለፈው ፍሬም ቅሪት ነው። ዊንዶውስ ላይ ይህን የሚጠብቀው ድራይቨሩ ነው፤ ሥዕሉ ገና እየተጻፈበት መሆኑን አይቶ ውሃውን ያቆየዋል። ቩልካን ላይ የሚያቆይ የለም። «ይህ ሳያልቅ ያ አይጀመር» የሚል ትእዛዝ በግልጽ መግባት አለበት፤ ባሪየር ይባላል።

ጌሙ ይህን ትእዛዝ አይሰጥም፤ ቩልካን የሚባል ነገር መኖሩንም አያውቅም። ስለዚህ ዲኤክስቪኬ የእያንዳንዱን ሥዕልና የእያንዳንዱን የሜሞሪ ቁራጭ ታሪክ ይመዘግባል፦ ማን ጻፈበት፣ ማን ሊያነበው ነው። ባሪየሩን እሱ ያስገባል። አንድ ቦታ ከረሳ ምስሉ ብልጭ ድርግም ይላል፤ ከሚገባው በላይ ካበዛ ካርዱ በከንቱ እየጠበቀ ጌሙ ይዘገያል። የተርጓሚው ጥበብ ያለው እዚህ ልክ ላይ ነው።

ሌሎች አለመጣጣሞችም አሉ። በዳይሬክት3ዲ የስክሪኑ ቁመት ሲለካ ወደ ላይ ይጨምራል፤ በቩልካን ወደ ታች። ሳይስተካከል ቢቀር ዓለሙ ተዘቅዝቆ ይታያል። አንዳንድ ጌም ደግሞ የኤንቪዲያ ካርድ ሲያገኝ በዊንዶውስ ላይ ብቻ ያለ የኤንቪዲያ ፋይል ፍለጋ ይገባና ይወድቃል። ዲኤክስቪኬ ለእንደነዚህ ዓይነቶቹ ካርዱ የኤኤምዲ እንደሆነ አድርጎ ሲነግራቸው ኖሯል። በኮዱ ውስጥ የጌሞች ስም የተደረደረበት ክፍል አለ፤ ይህ ጌም እንዲህ ያለ ስህተት ስላለበት እንዲህ ይደረግለት የሚል። ተርጓሚው ደንቡን ማወቅ ብቻ አይበቃውም፤ ጌሞቹ ደንቡን የጣሱበትንና የዊንዶውስ ድራይቨሮች ዝም ብለው ያለፉላቸውን ቦታ ሁሉ ማወቅ አለበት።

ቩልካን ራሱም ለትርጉም ሲባል ተለውጧል። ዳይሬክት3ዲ ግራፊክስ ካርዱ ያሰላውን ቅርጽ መልሶ ወደ ሜሞሪ የመጻፍ ችሎታ አለው። ቩልካን ሲወጣ ይህን ሆን ብሎ ትቶት ነበር፤ የሚፈልጉት ጌሞች ግን ብዙ ነበሩ። በ2018 መጨረሻ ክሮኖስ ችሎታውን በተጨማሪነት አስገባው፤ ዋና ዓላማውም ተርጓሚዎችን መርዳት መሆኑ በግልጽ ተነገረ።

ለምን አንዳንዴ ቆም ቆም ይላል?

አዲስ ቦታ ሲገቡ ወይም የመጀመሪያው ፍንዳታ ሲመጣ ጌሙ ለአፍታ ደርቆ ይቀጥላል። ተመሳሳዩ ፍንዳታ ሁለተኛ ሲመጣ ግን አይደርቅም። የዚህ ምክንያት ሼደር ነው። ሼደር ማለት ግራፊክስ ካርዱ ላይ የሚሮጥ አጭር ፕሮግራም ነው፤ ይህ ውሃ ብርሃኑን እንዴት ይመልስ፣ ይህ ጨርቅ ምን ይምሰል የሚለውን ያሰላል። አንድ ትልቅ ጌም እጅግ ብዙ ሼደሮች ይዞ ይመጣል።

በዳይሬክት3ዲ የተዘጋጀ ሼደር መጀመሪያ ስፒር-ቪ ወደሚባለው የቩልካን ቅርጽ ይመለሳል፤ ከዚያ ድራይቨሩ ለካርዱ ያዘጋጀዋል። እዚህ ድረስ ጌሙ ሲከፈት ሊያልቅ የሚችል ነው። ክፉው ነገር ሌላ ነው። ዳይሬክት3ዲ 11 ሼደሩን፣ የቀለም አደባለቁን፣ የጥልቀት ደንቡን ሁሉ በተናጠል ለመቀያየር ይፈቅዳል። ቩልካን ግን ሁሉም አንድ ላይ ታስሮ ፓይፕላይን በሚባል ጥቅል አስቀድሞ እንዲዘጋጅ ይፈልጋል። የትኛው ሼደር ከየትኛው ደንብ ጋር እንደሚጣመር ደግሞ ጌሙ ልሣል እስኪል ድረስ አይታወቅም። ያቺ የመድረቅ አፍታ ጥቅሉ የሚታሰርባት ጊዜ ናት።

ሁለት መፍትሔ መጣ። ቫልቭ ከሌሎች ተጫዋቾች የተሰበሰቡ ጥቅሎችን ጌሙ ሳይከፈት አስቀድሞ ያወርዳል፤ ስቲም ላይ ጌም ከመጀመሩ በፊት ሼደር በማዘጋጀት ላይ ነኝ የሚለው መልእክት ይህ ነው። በ2022 ደግሞ ቩልካን ፓይፕላይኑን በክፍል በክፍል አስቀድሞ አዘጋጅቶ በመጨረሻዋ ቅጽበት መገጣጠም የሚያስችል ተጨማሪ አገኘ። በዚያው ዓመት ኖቬምበር የወጣው ዲኤክስቪኬ 2.0 ተጠቀመበት፤ መቆራረጡም ድራይቨሩ ይህን በሚደግፍ ማሽን ላይ በጉልህ ቀነሰ።

ኤልደን ሪንግ የተባለው ጌም የወጣው ስቲም ዴክ ለገበያ በቀረበበት ቀን፣ ፌብሩዋሪ 25 ቀን 2022 ነው። ዊንዶውስ ላይ ሲቆራረጥ ብዙዎች አማረሩ። የቫልቭ ሰዎች ነገሩን ሲመረምሩ ጌሙ አንዳንድ ቦታ ላይ በአንዴ ብዙ የትእዛዝ ማከማቻዎች እየፈጠረ ሜሞሪውን እንደሚያጨናንቅ አገኙ፤ ቪኬዲ3ዲ-ፕሮቶን ማከማቻዎቹን መልሶ እንዲጠቀም አደረጉት። ጌሙን ራሱን አልነኩትም። በዚህ ረገድ የዊንዶውስ ጌም ከዊንዶውስ ይልቅ ሊኑክስ ላይ ቀድሞ ለሰለሰ።

ፍጥነቱን ምን ያህል ይጎዳል?

ትርጉሙ የሚካሄደው ትእዛዝ ላይ ነው፤ ነጠብጣቦቹን የሚቀባው ያው ካርድ በራሱ ጉልበት ነው። ስለዚህ ጫናው የሚያርፈው ፕሮሰሰሩ ላይ ነው። ካርዱ ተጨንቆ ፕሮሰሰሩ ትርፍ ጊዜ ያለው ማሽን ላይ ልዩነቱ ጥቂት ነው፤ አንዳንዴም አይታወቅም። ደካማ ፕሮሰሰር ያለው ኮምፒውተር ግን ይሰማዋል። የቆዩ ጌሞች ላይ ተቃራኒው የሚታይበት ጊዜ አለ፦ ጂቲኤ 4ን ዊንዶውስ ላይ ሆነው በዲኤክስቪኬ የሚያጫውቱ ሰዎች አሉ፤ ተርጓሚው ያረጀውን መንገድ ከዘመናዊው ድራይቨር በተሻለ ስለሚይዘው።

ማክ ላይስ?

የማክ ታሪክ የበለጠ ጠመዝማዛ ነው። አፕል በ2018 ኦፕንጂኤልን ወደ ጡረታ እንደሚሸኘው አስታወቀ፤ ቩልካንንም አልተቀበለም። በ2019 ባለ 32 ቢት ፕሮግራሞችን ከማክ አስወጣ፤ ብዙ የቆዩ ጌሞች በአንድ ቀን ሞቱ። በ2020 ደግሞ ፕሮሰሰሩን ከኢንቴል ወደ ራሱ ኤም1 ቀየረ። ስለዚህ የዊንዶውስ ጌም ማክ ላይ ሲሠራ ሦስት ትርጉም ተደራርቦ ነው፤ የፕሮሰሰሩን ኮድ ሮዜታ 2 ይመልሳል፣ የዊንዶውስን ጥያቄ ዋይን፣ ግራፊክሱን ደግሞ ሌላ ተርጓሚ።

ለግራፊክሱ ሞልተንቪኬ የሚባል ቩልካንን ወደ ሜታል የሚመልስ ፕሮግራም አለ፤ በ2018 ኮዱ ክፍት ሆኗል። ዳይሬክት3ዲን ወደ ቩልካን፣ ቩልካንን ወደ ሜታል ማለት ግን ረጅም መንገድ ነው፤ ሜታል የሌሉት ችሎታዎችም አሉ። አፕል በጁን 2023 ጌም ፖርቲንግ ቱልኪት የተባለውን መሣሪያ ሲያወጣ ዳይሬክት3ዲን ቀጥታ ወደ ሜታል የሚመልስ ዲ3ዲሜታል አብሮ አቀረበ። የታሰበው ጌም ሠሪዎች ሥራቸው ማክ ላይ ምን እንደሚመስል እንዲሞክሩበት ነበር፤ ተጫዋቾች ግን በቀናት ውስጥ ለመጫወት አዋሉት። የዲ3ዲሜታል ኮድ ዝግ ነው፤ ከዲኤክስቪኬ የሚለየው ትልቁ ነገርም ይሄ ነው። ሲበላሽ የሚጠግነው አፕል ብቻ ነው። አፕል ሮዜታን በጠቅላላው እንደማያቆየው፣ ለቆዩ ጌሞች የሚሆን ክፍሉን ግን እንደሚተው በ2025 አስታውቋል።

እኔ ዊንዶውስ ነው የምጠቀመው፤ ምን አገባኝ?

ዊንዶውስ ላይ ክሮም ከፍተው ካርታ ወይም ባለ ሦስት ገጽታ ምስል ካዩ የግራፊክስ ተርጓሚ ተጠቅመዋል። ድረ ገጾች ግራፊክስ የሚያዝዙት በኦፕንጂኤል ዘር ነው፤ ዊንዶውስ ላይ ደግሞ የኦፕንጂኤል ድራይቨሮች ጥራት አስተማማኝ አልነበረም። ጉግል በ2010 አንግል የተባለውን ተርጓሚ አወጣ፤ ትእዛዙን ወደ ዳይሬክት3ዲ ይመልሳል። ፋየርፎክስም ይጠቀምበታል። ኢንቴል በ2022 አርክ የተባሉትን ካርዶች ሲያወጣ ለዳይሬክት3ዲ 9 ድራይቨር አልጻፈላቸውም፤ ትእዛዙ በማይክሮሶፍት ተርጓሚ በኩል ወደ ዳይሬክት3ዲ 12 እንዲያልፍ አደረገ። ያ ለብዙ የቆዩ ጌሞች አልበጃቸውም። በኋላ ለአንዳንዶቹ የዲኤክስቪኬን ኮድ ወስዶ ድራይቨሩ ውስጥ አስገባው። ለአንድ ጌም ሲባል ለሊኑክስ የተጀመረ ሥራ ዊንዶውስ ውስጥ ገባ ማለት ነው።

አንድሮይድ ስልክ ላይ ዊንሌተርን በመሳሰሉ መተግበሪያዎች የዊንዶውስ ጌም የሚጫወቱ ወጣቶችም የሚጠቀሙት እነዚሁኑ ዋይንና ዲኤክስቪኬን ነው። ስልኩ ላይ የሚጨመረው የፕሮሰሰር ትርጉሙ ነው፤ ስልኩን የሚያሞቀውና ባትሪውን የሚጨርሰው በዋናነት እሱ ነው።

ታዲያ የማይሠራው የቱ ነው?

ብዙ ሰው የማይሠራ ጌም ሲገጥመው ግራፊክሱን ይወቅሳል። አብዛኛውን ጊዜ ጥፋቱ እዚያ አይደለም። ትልቁ እንቅፋት አጭበርባሪ ተጫዋቾችን የሚከላከለው ሶፍትዌር ነው። ቫሎራንት የተባለው ጌም የሚጠቀመው ቫንጋርድ ከዊንዶውስ ልብ፣ ከርነል ከሚባለው ክፍል፣ ገብቶ ይቆጣጠራል። ዋይን ደግሞ ያንን ከርነል የለውም፤ ከሊኑክስ ላይ የተቀመጠ መልስ ሰጪ ነው። ኢዚ አንቲ-ቺት እና ባትልአይ የተባሉት በ2021 ለፕሮቶን መንገድ ከፍተዋል፤ መፍቀድ አለመፍቀዱ ግን ለጌሙ ባለቤት የተተወ ነው። ፎርትናይት ፈቃድ አልሰጠም። ኤፔክስ ሌጀንድስ ሰጥቶ ከቆየ በኋላ በኦክቶበር 2024 ሊኑክስን ዘጋ። ስለዚህ አንድ የኦንላይን ጌም ሊኑክስ ላይ እንቢ ሲል ምክንያቱ የቴክኒክ ዐቅም ሳይሆን የባለቤቱ ውሳኔ ሊሆን ይችላል። በዚህ ጉዳይ ተጫዋቾች የሚያሰሙት ቅሬታ ተገቢ ነው ብዬ አምናለሁ።

ሌላው ቪዲዮ ነው። የታሪኩ ትረካ በሚመጣበት ቦታ ባለ ቀለም መስመሮች፣ የድሮ ቴሌቪዥን ሥርጭት ሲቋረጥ የሚታዩት ዓይነት፣ ብቅ ካሉ ካርዱ አልተበላሸም። አንዳንድ የቪዲዮ ዓይነቶች የፈጠራ መብት ስላለባቸው ፕሮቶን ይዟቸው መምጣት አይችልም። ቫልቭ ቪዲዮዎቹን በሌላ ቅርጽ አዘጋጅቶ በስቲም በኩል ይልካል፤ ያ ገና ካልደረሰ መስመሮቹ ይታያሉ።

ሕጋዊ ነው?

ዋይንም ሆነ ዲኤክስቪኬ የማይክሮሶፍትን ኮድ አልያዙም። የዋይን ሰዎች የማይክሮሶፍትን ኮድ ያየ ሰው ያንን ክፍል እንዲጽፍላቸው አይፈቅዱም፤ ሁሉም የተጻፈው ከውጭ የሚታየውን ጠባይ በመመርመር ነው። የሌላውን ኤፒአይ በራስ ኮድ መልሶ መሥራት ምን ያህል ይፈቀዳል የሚለውን የአሜሪካ ጠቅላይ ፍርድ ቤት በኤፕሪል 2021 በጉግልና በኦራክል ክርክር ላይ ተመልክቶ 6 ለ 2 ለጉግል ፈርዷል። ፍርዱ ጃቫ ስለተባለው የፕሮግራም ቋንቋ ቢሆንም ለዚህ ዓይነቱ ሥራ እፎይታ ነበር። ጌሙን በሕጋዊ መንገድ ማግኘት ግን ሌላ ጉዳይ ነው፤ ተርጓሚው እሱን አይለውጠውም።

ያገለገለ ኮምፒውተር ያለው ሰው ምን ይመልከት?

ከሁሉ በፊት ካርዱ ቩልካን 1.3ን መደገፉን። ዲኤክስቪኬ 2 እና ከዚያ በኋላ ያሉት ከዚህ በታች አይሠሩም፤ ከ2023 ጀምሮ የወጡት ፕሮቶን 8 እና ተከታዮቹም እንዲሁ። ኬፕለር የሚባለው የኤንቪዲያ ትውልድ፣ አብዛኞቹ የጂቲኤክስ 600 እና 700 ተከታታይ ካርዶች ያሉበት፣ ድራይቨሩ ቩልካን 1.2 ላይ ቆሟል። እንዲህ ያለ ካርድ ያለው ሰው ስቲም ውስጥ በጌሙ ማስተካከያ ገብቶ ፕሮቶን 7ን ወይም ከዚያ በፊት ያለውን መምረጥ ይችላል፤ የቆዩ ጌሞች በዚያ ይሄዳሉ። የዳይሬክት3ዲ 12 ጌም ግን ባይደክምበት ይሻላል።

ኢንተርኔት በፓኬጅ የሚገዛ ሰው የሼደር ቅድመ ዝግጅቱን ይከታተል። ስቲም እነዚህን ፋይሎች በየጊዜው ያወርዳል፤ ለትልልቅ ጌሞች መጠናቸው ቀላል አይደለም። በስቲም የማውረጃ ማስተካከያ ውስጥ ሊጠፋ ይችላል። ከጠፋ ግን ከላይ ያየነው መድረቅ ይበዛል፤ ለቪዲዮዎቹ የሚላከው ፋይልም የሚመጣው በዚያው መንገድ ስለሆነ ባለ ቀለም መስመሮቹ ሊገጥሙ ይችላሉ። አዲስ ድራይቨር ያለው ማሽን ላይ ማጥፋቱ ብዙ አይጎዳም።

ጌሙን ከመግዛትም ሆነ ከማውረድ በፊት ፕሮቶንዲቢ የተባለው ድረ ገጽ ላይ ስሙን መፈለግ ይጠቅማል፤ ተጫዋቾች በየራሳቸው ካርድና ድራይቨር ምን እንደገጠማቸው የሚጽፉበት ነው። ሲያነቡ ከአጠቃላዩ ደረጃ ይልቅ ከእርስዎ ጋር የሚመሳሰል ካርድ ያለውን ሰው አስተያየት ይፈልጉ። በዊንዶውስ ጊዜ የተጫኑ ጌሞች ያሉበትን ኤንቲኤፍኤስ (የዊንዶውስ የፋይል አደረጃጀት) ዲስክ እንዳለ ለሊኑክስ ስቲም መስጠትም ብዙ ሰው የሚሳሳትበት ነው፤ ጌሙ ሳይከፈት ይቀርና ጥፋቱ ፕሮቶን ላይ ይላከካል። ቦታ ካለ ለጌሞቹ ኤክስት4 (የሊኑክስ የፋይል አደረጃጀት) የሆነ ክፍል ማዘጋጀትና ፋይሎቹን ወደዚያ መቅዳት ነው፤ እንደገና ማውረድ ሳያስፈልግ ስቲም ያሉትን ፋይሎች አረጋግጦ ይቀበላቸዋል።